አማት በሸምሶ ቪዲዮ ቤት

«ሩጪ እንጂ አለምዬ! እግርሽን አንሺ!»

ሰፍያ ይህን የምትለው ቀድማ እየሮጠች ነው። በአንድ እጇ ጭንቅላቷ ላይ የእንሰት ቅጠል ደግፋ፣ በሌላው የዓለምዘውድን ነጠላ ጫፍ ጨብጣ ትጎትታለች። ጳጉሜ ሦስት፣ የሩፋኤል ዕለት ነው። ሁለት ሺህ ዓመተ ምሕረት ሊገባ ቀናት ቀርተውታል፣ በየሱቁ «መልካም ሚሊኒየም» የሚል ወረቀት ተለጥፏል። ቡታጅራን ከጠዋት ጀምሮ ሲያካፋባት ውሏል፤ የሰፈር ልጆች «ሩፋኤል አሳድገኝ» እያሉ ራቁታቸውን ዝናቡ ውስጥ ይዘላሉ። ዓለምዘውድ ከቅዳሴ መመለሷ ነበር። ገና እህል በአፏ አልዞረም። አስፋልቱን ሳትሻገር ነው ሰፍያ የያዘቻት።

«ምን ሆነሻል አንቺ ሴት? ሰው ሞተ?»

«እስካሁን አልሞተም። ልጄን ሊገድልብኝ ነው፣ ያንቺንም ልጅ። ደረጄ መጥቷል!»

ዓለምዘውድ ቀጥ አለች። ደረጄ የልጇ የማርቲ ባል ነው፣ የኢዙዙ ሾፌር። ጭነት ይዞ ሁመራ ከወረደ ሰንብቷል፤ የሚጠበቀው ለበዓሉ ዋዜማ ነበር።

«መች ገባ?»

«አሁን! ጥያ ላይ ምሳ ሲበላ ሾፌሮቹ ወሬውን ነግረውታል። መኪናውን መናኸሪያ ጀርባ ገትሮ፣ ቤቱን እንኳ ሳያይ ሸምሶ ቪዲዮ ቤት ገባ። ጃኬቱ ውስጥ የጎማ መፍቻ ብረት ይዟል። በዓይኔ ነው ያየሁት፣ ወላሂ!»

«ምን ሊሠራ ቪዲዮ ቤት?»

«አትሰሚም እንዴ?»

ዓለምዘውድ ጆሮዋን ሰጠች። ሸምሶ ሰው ለመጥራት ከጣሪያው በላይ ያሰቀለው ድምፅ ማጉያ ገበያውን ሁሉ ያዳርሳል። የሚናገረው ሙከሚል ነው፣ የውጭ ፊልም እያየ በአማርኛ መተረክ ሥራው የሆነው ልጅ። ቡታጅራ ውስጥ ድምፁን የማያውቅ የለም።

«ጌታው ጎራዴውን ታጥቆ ዘመቻ ሲወርድ፣ እመቤቲቱ ደግሞ ወደ ወንዝ ትወርዳለች! ወንዙ ዳር ማን አለ? ባለጀልባው! እነሱ አገር ጀልባ ነው፤ እኛ አገር ቢሆን ባጃጅ ይሆን ነበር!»

አዳራሹ በሳቅ ሲናጋ እስከ መንገዱ ተሰማ።

የሰፍያ ፊት አመድ መሰለ። ባጃጅ የሚለውን ቃል ማንም ሰው ያለ ስም አይሰማውም። ባጃጅ ወደ ከተማው ከገባ ገና መንፈቁ ነው፤ ካሉት ጥቂቶች አንዱን የሚነዳው የሰፍያ የመጨረሻ ልጅ ሙሀይሚን ነው። ማርቲ ደግሞ ባሏ መንገድ በወጣ ቁጥር በዚያ ባጃጅ ከኳስ ሜዳው ማዶ ስትሄድ ታይታለች። አንድ ቀን አይደለም፣ ደጋግማ።

«አለምዬ» አለች ሰፍያ። «ጎረቤቴ ነሽ፣ እህቴ ነሽ። ልጆቻችን አንድ ትሪ በልተው ነው ያደጉት። በአላህ ይዤሻለሁ፣ እውነት ነው?»

«ልጅሽ ንጹሕ ነው። የኔም ልጅ ንጹሕ ናት።»

«እንግዲያ የት ነው የሚሄዱት?»

ዓለምዘውድ ወደ ኳስ ሜዳው ማዶ አየች።

የት እንደሚሄዱ ታውቃለች። ማርቲ ራሷ ነግራታለች፣ አስምላ። አንድ ማታ እራት ላይ ማርቲ «እኔም መንጃ ፈቃድ ባወጣስ?» ብላ ነበር። ደረጄ በእንግዳ ፊት ከት ብሎ ሳቀ። «ሴት መሪ ከያዘች እኔ ቀሚስ ለብሼ እጋግራለሁ!» አለ። እንግዳው ሁሉ ሳቀ፣ ማርቲም አብራ ሳቀች። በነጋታው ግን ሙሀይሚንን «አስተምረኝ» አለችው። ፈተናውን አልፋ፣ በአዲሱ ዓመት ጠዋት ባሏን ከበሩ ላይ በባጃጅ አሳፍራ ልትወስደው ነበር ሐሳቧ። እስከዚያ ግን እናቷን «በእመቤቴ ማይ፣ ለደረጄም ለማንም አልናገርም በይ» አለቻት። ዓለምዘውድም ማለች። ምን ችግር አለው ብላ፣ የልጅ ነገር መስሏት።

«ምያለሁ» አለቻት ለሰፍያ።

«ምን ብለሽ?»

«በእመቤቴ።»

 መሐላ ምን እንደሆነ ሰፍያም ታውቃለች። ብቻ የነጠላዋን ጫፍ ጠበቅ አድርጋ ያዘችና እንደገና ሮጡ።

ሸምሶ በሩ ላይ ቆሞ ነበር፣ ራሱ ላይ ቆፍያውን ደፍቶ፣ በእጁ ብሎን መፍቻውን ይዞ። ዓለምዘውድን ሲያያት ሊገባ የመጣውን ሰው ሁሉ ትቶ ቀጥ አለ።

«እትዬ ዓለምዘውድ! እርስዎ? እዚህ?»

የገረመው አለምክንያት አይደለም። የዓለምዘውድ ባል ሃምሳ አለቃ ሸዋንግዛው በሕይወት ሳሉ የከተማው ፖሊስ ነበሩ፤ ቪዲዮ ቤት አይወዱም። እሷማ በዚያ በር ፊት ስታልፍ እንኳ ታማትባለች።

«አዎ እኔ። መንገድ ልቀቅ።»

«ኧረ እትዬ! ሃምሳ አለቃ አላህ ይዘንላቸውና ቤቴን ሁለቴ አሽገውብኛል። አሁን ደግሞ እርስዎ ሊያሽጉብኝ ነው? እኔ ምን በደልኩ? ካራቴ መስሎኝ ነው!»

ለካ ሰውዬው የራሱ ችግር ይዞታል። ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ሒሳብ ያስተምር የነበረ ጃፓናዊ ወደ አገሩ ሲመለስ አንድ ካርቶን ዲቪዲ ለሸምሶ ትቶለት ነበር። ሸምሶ አንዱ ሽፋን ላይ ጎራዴ የመዘዘ ሰው አይቶ «አዲስ የጃፓን ካራቴ» ብሎ በትልቁ ጻፈበትና ለጠፈ። የገበያው ሰው ሁሉ ገባ። ፊልሙ ሲጀመር ነጭና ጥቁር ሆኖ አረፈው። አፋቸው ይንቀሳቀሳል፣ ድምፅ የለም። ሰው «ሌባ! ሌባ!» ብሎ ወንበር መደብደብ ጀመረ። ሸምሶ ሞንታርቦ ድምፅ ማጉያው የተበላሸ መስሎት በብሎን መፍቻ ሆዱን ከፈተው፣ ገመድ ነቀለ፣ ገመድ ሰካ፣ በጥፊ ሁሉ መታው። ፊልሙ ከጥንትም ድምፅ የሌለው መሆኑን ማን ይንገረው? ሙከሚል ባይደርስለት ቤቱን ባፈረሱበት ነበር። ልጁ ማይኩን አንስቶ ከሆዱ ፈጠረ። የጌታውን በወፍራም፣ የእመቤቲቱን በቀጭን፣ የባለጀልባውን በአራዳ ቋንቋ። መሐል መሐል የጃፓን ጽሑፍ ሲመጣ ደግሞ «እዚህ ላይ እንደተጻፈው» እያለ ያነብላቸዋል፣ አንዱንም ፊደል ሳያውቅ።

ዓለምዘውድ በእጇ ገፋ አድርጋው ገባች።

ውስጡ ጨለማ ነው። የእርጥብ ጃኬትና የጫት ሽታ አፍንጫዋን ሞላው። አግዳሚው ላይ ሰው በሰው ላይ ተጫጭኖ ተቀምጧል። ፊት ለፊት በተሰቀለው ነጭ ጨርቅ ላይ ሰፊ እጅጌ ያለው ቀሚስ የለበሰች አንዲት ሴት ከወንዝ ዳር እየሮጠች ትመጣለች፣ እጇን ደረቷ ውስጥ ደብቃ።

«እጇ ውስጥ ምን ያለ ይመስላችኋል?» አለ ሙከሚል። «የወርቅ ቀለበት! ባለጀልባው ነው የሰጣት! አይ ጌታው፣ አንተ እዚያ ጭነት ተሸከም...»

ከኋላው አግዳሚ አንድ ሰው ብድግ አለ።

ደረጄ ነው። ረጅም፣ ትከሻው ሰፊ፣ መንገድ ላይ ጸጉሩ አቧራ የጠጣ። ከጃኬቱ ሥር የብረቱ ጫፍ ብልጭ ሲል ዓለምዘውድ አየችው። ሰውን እየረጋገጠ ወደ በሩ መጣ። ማንንም አያይም፣ ዓይኑ ደም መስሏል። አንዱ «አይተህ ርገጥ እንጂ ጀለስ!» ሊለው ጀምሮ ፊቱን ሲያይ ዋጠው። ሙከሚልም ያኔ ነው ያወቀው። የጀመረውን ሳይጨርስ ማይኩ አፉ ላይ ደረቀ።

ዓለምዘውድ በሩ መሐል ቆመች። ሁለት እጇን ዘርግታ ግራና ቀኝ መቃኑን ያዘች።

ደረጄ ሁለት እርምጃ ሲቀረው አያት። ቆመ። ከሷ በቀር ማንም ቢሆን ኖሮ ጠርምሶት ያልፍ ነበር። አማቱን ግን እንዴት አድርጎ? ቤቱ ስትገባ ከመቀመጫው የሚነሣላት፣ እሷ ሳትቆርስ እህል የማይነካ ሰው ነው። ያ ሁሉ ንዴት ውስጥ ሆኖ እንኳ አንገቱ ልማዱን አልረሳም፣ ዝቅ አለ።

«እማማ... እንደምን አሉ?»

«እግዚአብሔር ይመስገን። መቼ ገባህ?»

«አሁን ነው። ይለፉኝ።»

«አላሳልፍህም።»

«እማማ፣ በሃምሳ አለቃ አጥንት፣ ይለፉኝ!»

«ልጄ ምንም አላጠፋችም፣ ደረጄ።»

«እናት ስለሆኑ ነው!» አለ። «እናት ልጇን ትሸፍናለች። አልፈርድብዎትም። ግን ከሁመራ ድረስ እየነዳሁ የመጣሁት ይህንን ልሰማ ነው? ስሜ በድምፅ ማጉያ? ገበያ መሐል?»

ያን ጊዜ ዓለምዘውድ አንድ ነገር ገባት። መሐላዋን ብታፈርስ እንኳ አያምናትም። እመቤቴ ትቅጣኝ ብላ ልትነግረው ነበር የመጣችው፤ እንደ ምሥጢረኛ ሳይሆን እንደ ውሸታም ነው የሚሰማት። የቀለበቱ ወሬ ቀድሟታል።

አዳራሹ «ድምፅ! ድምፅ!» ብሎ ጮኸ። ፊልሙ ያለ ተናጋሪ ይሄዳል። ዓለምዘውድ በደረጄ ትከሻ ላይ አሻግራ ተመለከተች። ሴትዮዋ ብቻዋን ቁጭ ብላለች። ከደረቷ ውስጥ እጇን አወጣች፣ ቀለበት የለም። መዳፏን ከፍታ እፍ አለችበት። ከዚያ በጨርቅ ትጠቀልለው ጀመር።

ዓለምዘውድ ያንን መዳፍ ታውቀዋለች። ባለፈው ሳምንት ማርቲ ግራ እጇን ዘርግታላት ለጋ ቅቤ ቀብታላታለች።

«ተቀመጥ» አለችው።

«እማማ...»

«ተቀመጥ አልኩህ። ፊልሙ አላለቀም። ሲያልቅ ራሴ በሩን እከፍትልሃለሁ። ሰፍያ፣ በሩን ያዢ!»

ሰፍያ በሩ ላይ ተደገፈች። ከሰፊ ወገቧ ጋር ማን ይታገላል? ዓለምዘውድ በሰው ጉልበት መሐል እየተሽለኮለከች ወደ ፊት ሄደች። አንዳንዱ ያወቃት ደንግጦ ሲጋራውን ወለል ላይ ረገጠ። ሙከሚል ማይኩን ራሱ ነው የሰጣት።

«እትዬ፣ እኔ እንዳለ አላወቅኩም። ሰው ለማሳቅ ነው እንጂ...»

«ዝም በል አሁን። በየት በኩል ነው የሚነገረው?»

ማይኩን አፏ ላይ አስጠግታ፣ እንደ ልማዷ፣ መጀመሪያ አማተበች። «በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ።» ድምፅዋ ከጣሪያው ላይ ፈንድቶ ገበያውን አዳረሰው። ውጭ ቅቤ የሚመዝኑት ሴቶች ሚዛናቸውን ይዘው ቀሩ። ከመሐል አንዱ «ሸምሶ፣ ቤትህ ተባረከ እንዴ?» ሲል ትንሽ ሳቅ ሆነ።

«እስቲ ያችን ሴትዮ እዩዋት» አለች ዓለምዘውድ። «ሙከሚል ቀለበት ተሰጣት አላችሁ። ዓይን የላችሁም? የታል ቀለበቱ? እጇ ነው የቆሰለው። ምን አቆሰለው? መቅዘፊያ ነው! ይቺ ሴት ጀልባ መቅዘፍ እየተማረች ነው!»

ሰው ሁሉ ወደ ጨርቁ አንገቱን አሰገገ።

«ባሏ ትልቅ ሰው ነው። ጎራዴ ታጣቂ። ክፉ አይደለም፣ ይወዳታል። አንድ ማታ ግን እራት ላይ፣ እኔም ልቅዘፍ ብትለው፣ ‹ሴት መቅዘፊያ ከያዘች እኔ ቀሚስ ለብሼ እጋግራለሁ› ብሎ በሰው ፊት ሳቀባት።»

አንድ ሁለት ሰው ሳቀ። ከኋላ በኩል አግዳሚ ሲንጫጫ ተሰማ። ዓለምዘውድ ዞር ብላ አላየችም።

«እሷም ሳቀች። ሳቀች ማለት ግን ረሳች ማለት አይደለም። ወደ ባለጀልባው ሄደች። ልጅ ነው፣ ታናሽ ወንድሟ የሚሆን፣ አብሯት አንድ ትሪ የበላ። አስተምረኝ አለችው። እናቷን ደግሞ አትንገሪ ብላ አስማለቻት። ለምን? ባሏን በበዓል ቀን በጀልባ ልታንሸራሽረው! በሷ ቤት ልታስደንቀው ነው! የቆሰለው ደግሞ የትኛው እጇ ነው? ግራው። እዩት፣ ግራው ነው። ሾፌር የሆነ ሰው ያውቀዋል። በዚያ በጀልባው ፍሪሲዮኑ በግራ እጅ ነው!»

«ጀልባ ፍሪሲዮን አለው እንዴ?» አለ አንዱ።

«የጃፓኑ አለው!» አለ ሸምሶ ከበሩ፣ ምን እንደተባለ ሳይገባው።

አሁን ማንም አልሳቀም፣ ጨርቁ ላይ ዝናብ መጥቷልና። ጌታው ከዘመቻ ተመልሶ ወንዙ ዳር ቆሟል። መንገድ ላይ አንዱ በጆሮው ነግሮታል። ውሃው ከጎራዴው ላይ ይንጠባጠባል። ከጭጋጉ ውስጥ ጀልባዋ መጣች።

«ኧረ ተመልከት!» ብላ ጮኸች ዓለምዘውድ። ፊልም መሆኑን ረስታዋለች። ነጠላዋ ከራሷ ላይ ወድቋል። «ተመልከት አንተ ሰው! መቅዘፊያውን የያዘው ማነው? እሷ ናት! ልጁ ከኋላ ቁጭ ብሎ ነው! ቆም ብለህ ብታይ እኮ በዓይንህ ታየዋለህ! ምነው? ምነው ወሬውን ከዓይንህ አስበለጥክ?»

ጎራዴው ተመዘዘ። የባለጀልባው ባርኔጣ ውሃው ላይ ቀረ። በሩ ላይ ሰፍያ «ያ አላህ!» ብላ ፊቷን በሻሿ ሸፈነች። ሴትዮዋ እጇን ዘርግታ አንድ ነገር ልትናገር አፏን ከፈተች፣ ጎራዴው አላስጨረሳትም። ጌታው ደግፎ ያዛት። ጨርቁ ከመዳፏ ላይ ተፈታና ወደቀ፣ ነጩ ሸራ በሙሉ መዳፍ ብቻ ሆነ። የቆሰለ፣ የተላጠ፣ የሠራተኛ መዳፍ። መዳፏን አየ፣ መቅዘፊያውን አየ። አፉ ተከፈተ። የሚወጣ ድምፅ የለም።

 ማይኩ ውስጥ የሚሰማው የዓለምዘውድ ትንፋሽ ብቻ ነበር።

«እጇን ያየው» አለች በመጨረሻ፣ ቀስ ብላ፣ «ከገደላት በኋላ ነው። ልጆቼ፣ ይኸው ነው ፊልሙ።»

ማይኩን ለሙከሚል መለሰችለትና ወደ በሩ ሄደች። ሰው ሁሉ ተነሥቶ መንገድ ለቀቀላት። ደረጄ እንደቆመ ነው፣ አልተቀመጠም። ፊቱ በላብ ይሁን በእንባ ርሷል። እጇን ዘረጋችለት።

«ያንን ብረት ስጠኝ።»

ከጃኬቱ አወጣው። ለአማቱ እንደሚሰጥ ሰው፣ ዝቅ ብሎ፣ በሁለት እጁ ሰጣት። በነጠላዋ ሸፈነችው።

«እንግዲህ እንዳልኩህ። ሰፍያ፣ ክፈቺለት።»

በሩ ተከፍቶ ዓይናቸው ብርሃኑን ገና ሳይለምደው፣ ከኳስ ሜዳው በኩል አንዲት ሰማያዊ ባጃጅ ጭቃ እየረጨች መጣች። ግራ ትላለች፣ ቀኝ ትላለች። አንድ የበግ ነጋዴ በጎቹን ይዞ ዘለለ። ከኋላ መቀመጫው ሙሀይሚን ጭንቅላቱን በሁለት እጁ ይዞ «ፍሬን! ማርቲ ፍሬን!» እያለ ይጮኻል። መሪው ላይ ያለችው ማርቲ ናት።

ባጃጇ ተንገጫግጫ፣ ሁለቴ ተንጠራርታ፣ ከደረጄ እግር ሥር ቆመችና ጠፋች።

«እማ!» አለች ማርቲ ገና ሳትወርድ። «ድምፅሽን ከሜዳው ሰማሁት! አበደች ብዬ...» ያኔ ባሏን አየችው። ድርቅ አለች። «ደሬ? አንተ... ለዋዜማው አልነበር እንዴ?»

ደረጄ መጀመሪያ ያየው መሪውን ነው። ቀጥሎ መሪው ላይ ያለውን እጅ። ከኋላ የተቀመጠውን ልጅ ያየው መጨረሻ ላይ ነው። ሙሀይሚን ነገሩ ከሁሉም ቀድሞ ስለገባው «አሰላሙ አለይኩም ጋሽ ደረጄ» ብሎ በዚያኛው በኩል ሊወርድ እግሩን አውጥቶ ነበር። እናቱ ግን ደርሳ አንገቱን አንቃ እቅፏ ውስጥ አስገባችው፣ በግድ።

«እጅሽን አሳዪኝ» አለ ደረጄ።

«ምን?»

«ግራሽን።»

ማርቲ እናቷን አየቻት። ዓለምዘውድ ወደ ሰማይ ታያለች፣ ዝናቡን እንደምትመለከት። ማርቲ መዳፏን ዘረጋች። ደረጄ በሁለት ጣቱ ይዞ ወደ ብርሃኑ አዞረው። አውራ ጣቷ ሥር ቆዳው ተልጦ መልሶ ደርቋል። እያገላበጠ አየው። ገበያው ሁሉ ቆሟል፣ ሸምሶ ቆሟል፣ ሙከሚል በመስኮት አንገቱን አውጥቷል።

«ፍሪሲዮኑን ስትለቂ ቀስ በይ» አለ ደረጄ።  «ቶሎ ስለለቀቅሽው ነው የጠፋው። አንቀሽም አትያዢው። እጅሽን የላጠሽ እሱ ነው።»

«ትነዳለች እኮ ጋሼ» አለ ሙሀይሚን ከእናቱ ብብት ሥር። «ማቆም ብቻ ነው የቀራት።»

ሳቁ ከየት እንደጀመረ አይታወቅም። ደረጄ ሲስቅ ትከሻው ይንቀጠቀጥ ነበር፣ ሲያለቅስም እንደዚያው ነው፤ ማርቲ የትኛው እንደሆነ አልለየችም። ፊቱን በእጅጌው ጠራረገና ከኋላ መቀመጫው ገባ።

«በይ አስነሺው። እማማ፣ ይግቡ።»

«ቀሚሱን እኔ አውስሃለሁ» አለችው ማርቲ፣ ሞተሩን እየቀሰቀሰች። «የሚበቃህ ባይኖርም።»

«የሰፍያ ይሆነዋል!» አለች ዓለምዘውድ።

«አንቺ ክፉ!» አለች ሰፍያ፣ እያለቀሰችም እየሳቀችም።

ባጃጇ በዝግታ ተነሣች፣ አልጠፋችም። ዓለምዘውድ ከአማቿ ጎን ተጣብባ፣ ብረቱን በነጠላዋ ሥር ጭኗ ላይ አጋድማ ይዛዋለች፤ ቤት ደርሳ ቆጥ ላይ እስክትደብቀው አትለቀውም። በየጉድባው በዘለሉ ቁጥር ጉልበቷን ይመታታል። መንገዱን አላየችውም። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል።

«እመቤቴ» ትላለች በሆዷ፣ «ስምሽን ጠርቼ ምያለሁ፣ አልካድኩም። ግን አንቺው ሰምተሻል። ለደረጄ ምንም አልነገርኩትም። ለጃፓኑ ነው የነገርኩት።»

ዝናቡ በረታ። ደረጄ ጃኬቱን አውልቆ የአማቱን እግር ሸፈነላትና ወደ ፊት ጎንበስ ብሎ «አሁን ሁለተኛ ማርሽ» አለ።